ልክ የሌለው

መጽሐፉን ሦስት ጊዜ ደጋግሜ አነበብኩኝ፤
በሦስተኛው፣ መብራት ሳላጠፋ ማደር ጀመርኩኝ።
መቶ አሥራ ሁለተኛው ገጽ ላይ ሲደርስ ሰው፣
ያ ከሰማይ የወረደው፣ በረዷማው ሐይቅ ላይ ዱካ የሌለው፣
ሄልቪ ሳርኪላ እንዲህ ብላ ነው የጻፈችው፦
«ማንም አላየውም። ውሻው ግን ከዚያች ሌሊት ወዲያ
ጀርባውን ለበሩ ሰጥቶ አልተኛም።»
በቃ። ይኸው ነው።
ቁመቱ አልተጻፈ፣ ጥርሱ አልተቆጠረ፤
የመበለቷ ሻይ፣ ከንፈር ሳይነካው፣ እየጎደለ አደረ።

እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ፤ ኬሚያርቪ ከተማ፣
ድሮ እንጨት መሰንጠቂያ በነበረ አዳራሽ፣
ውርጩ እንደ ብረት ሲጮኽ በጨለማ፣
ዳይሬክተሩ ዮርማ ሥዕል ይዞ መጣ፦
ሰባት ዓይን፣ የክርን እሾህ፣ ከጀርባው ጭራ የሚያወጣ።
«ይህንን ስፊልኝ፣ በታውኖ ቁመት» አለኝ።
«መጽሐፉ ውስጥኮ የለም» አልኩት። ሳቀብኝ።
«መጽሐፍ ያነበበ ይፈራል በገዛ ጭንቅላቱ፤
ቲኬት የቆረጠ ሰው ግን ማየት ነው መብቱ።»
«እሺ፣ ልኩን ስጠኝ።»
«ታውኖን ለኪው።»
«የታውኖን አይደለም፤ የዚያን።»
ዝም አለ።
ሜትሬን አንገቴ ላይ አንጠልጥዬ ቆምኩኝ።
ልክ የለውም፣ አልኩ ለራሴ። ከዚያም ለካሁኝ።

ታውኖ ሥራው የትምህርት ቤት አውቶቡስ መንዳት ነው፤
ሁለት ሜትር ከስድስት፣ ጫማውን ሳንቆጥረው።
«ጡንቻውን ተይውና ሆዴን አስታውሺ» ይላል፣
የዓሣ ዳቦውን እየገመጠ።
አርባ ሌሊት ሰፋሁ። ሙጫው ጣቴን እየላጠ፣
ለሰባቱ ዓይን ከአሻንጉሊት ሱቅ መስታወት እየተመረጠ፣
ሰፋሁት፣ ሰፋሁት፤ በሰፋሁት ቁጥር ጠበበ፤
መጽሐፉ ውስጥ ሌሊቱን ያክል የነበረው
እዚህ መስቀያ ላይ፣ እንደ እርጥብ ካፖርት ተሰበሰበ።

ቀረጻው በተጀመረ በሰባተኛው ቀን ደራሲዋ መጣች።
ትንሽ ሴት። የሱፍ ጓንት። አፍንጫዋን ታብሳለች።
ሁሉም ፈራ፤ ትጮኻለች፣ ውሉን ትቀዳድዳለች ተብሎ፤
ዮርማ ወንበር ሳበላት፣ ፊቱ ቲማቲም መስሎ።
እሷ ግን ቀጥ ብላ ሄደች ወደ ታውኖ፤
የአውሬውን ራስ በብብቱ ይዟል፣ ላቡ በብርዱ ተኖ፣
እጁን ዘረጋላት፤ ሦስት ጣት፣ ሦስቱም የእኔ ስፌት።
ጨበጠችው። «ይሞቃል?»
«በጣም። ግን እመቤቴ፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎት፤
አራት ሳምንት ልራመድለት ነው፣ እግሩን ልሆንለት።
ምን ፈልጎ ነው የመጣው?»

ረጅም ዝምታ፤ ጀኔሬተሩ ብቻ ሲያጉረመርም።
«ሠላሳ ዓመት ሆነው» አለች፣ «ይህን የጠየቀኝ የለም።
እኔም አልጠየቅሁትም።»

ምሳ ሰዓት ታውኖን ከጎማው አወጣሁት፤
እንደ እንቁላል ላጥኩት፣ በፎጣ ጠቀለልኩት።
ቆዳው መስቀያው ላይ ቀረ፣ ዚፑ እስከ ወገብ ተከፍቶ።
ሄልቪ ቀረበች። ሰባቱን ዓይን አላየችም ከቶ።
በተከፈተው ጀርባ በኩል አንገቷን አስግጋ፣
የሰው ሙቀት ገና ያልለቀቀውን ጨለማ፣
ታውኖ የወጣበትን ባዶ
ብዙ አየችው።
ከዚያ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ።
«እሱ ነው» አለች።
ጓንቷን አጠለቀች። ሳትሰናበት ሄደች።

ፊልሙ በተከታዩ መጋቢት ወጣ። ልጆቹ ሳቁ።
አንዱ «ጭራው ጎማ ነው!» ብሎ ጮኸ፤ እውነቱን ነው።
ታውኖ ከኋላ ወንበር ከሁሉም በላይ ሳቀ።
ጋዜጣው «መጽሐፉ ይሻላል» አለ፣ እንደ ሁልጊዜው።
እኔም ሳቅሁ፤ አውቀዋለሁ እያንዳንዱን ስፌት፣
የትኛው ዓይን እንደተጣበቀ በየትኛው ሌሊት።

ግን ከዚያ ወዲህ፣ ማታ ማታ፣
በቤቱ የተሰቀለውን ሁሉ እየዞርኩ እዘጋለሁ፦
የባሌን ካፖርት፣ የልጄን ጃኬት፣ የደንበኛ ቀሚስ፣
ዚፑን እስከ አንገት፣ ቁልፉን እስከ መጨረሻው ድረስ።
«ምን እያደረግሽ ነው?» ይላል ባሌ፣ ከአልጋው ሳይነሣ።
«ልክ እያስገባሁት ነው።»
«ማንን?»
ጠረጴዛው ላይ የተውኩትን ሻይ አየዋለሁ።